ከፍቅረኞቹ ይልቅ ጎረቤቶቹን እዩ፦ ድምፅ አልባ አጭር የፍቅር ድራማ እንዴት ይታያል?

እናቴ እንግሊዝኛ አታነብም። አንድ እሁድ ከሰዓት ቡና እያፈላች አጠገቧ ቁጭ ብዬ በስልኬ የ1912 ድምፅ አልባ ፊልም ከፈትኩ። ለራሴ ነበር የከፈትኩት። እሷ ግን ጀበናውን ከእሳቱ አወረደችና ዓይኗን ስልኩ ላይ ተከለች። 16 ደቂቃ ሙሉ ንቅንቅ አላለችም። ሲያልቅ ስለ ቆንጆዋ ልጅ የምታወራ መስሎኝ ነበር። «እነዚያ የሚያሾከሹኩት ሴቶች ናቸው እኮ! እነሱ ባይኖሩ ይሄ ሁሉ አይመጣም ነበር» አለች።

ከዚያ ቀን በፊት እነዚህን የድሮ የፍቅር ፊልሞች ሳይ ዓይኔ ከሁለቱ ፍቅረኞች ላይ አይነሳም ነበር። የእናቴ ዓይን ዳር ላይ የቆሙትን ሰዎች ነው ያየው። ልክ ነበረች። በዚያ ዘመን አጭር ድራማ ውስጥ ፍቅር የሁለት ሰው ጉዳይ ብቻ የሚሆነው ከስንት አንዴ ነው። ሦስተኛ ዓይን አይጠፋም። አባት ይሆናል፣ ጎረቤት ይሆናል፣ የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌ ይሆናል። ታሪኩን የሚገፋው «ሰው ምን ይላል» ነው።

እነዚህን ፊልሞች እንዴት እንደማያቸው ደረጃ በደረጃ ልንገራችሁ። የፊልም ትምህርት አያስፈልግም። አንድ ስልክ ወይም ላፕቶፕ፣ አንድ ወረቀት፣ አንድ እስክሪብቶና የአንድ ከሰዓት ጊዜ ይበቃል። ዓመተ ምሕረቶቹ ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ደረጃ 1፦ በአንድ ሪል ጀምሩ

በረጅም ፊልም አትጀምሩ። ከ1908 እስከ 1913 ባለው ጊዜ አሜሪካ ውስጥ የተለመደው ፊልም አንድ ሪል ነበር። አንድ ሪል ማለት 1000 ጫማ፣ ወደ 300 ሜትር ገደማ የሚሆን የፊልም ጥቅል ነው። ሲታይ ከ10 እስከ 16 ደቂቃ ይወስዳል። በዚያች አጭር ጊዜ ውስጥ መተዋወቅ፣ መፈቃቀድ፣ መጠርጠርና መታረቅ ሁሉ ማለቅ አለበት። ስለዚህ ትርፍ ነገር የለም። ካሜራው ያሳየን ነገር ሁሉ ሥራ አለው።

ለመጀመሪያ ጊዜ የምመርጥላችሁ እናቴ ያየችውን ነው፤ «ዘ ኒውዮርክ ሃት»፣ ማለትም «የኒውዮርኩ ባርኔጣ»። ባዮግራፍ የተባለው ኩባንያ በታኅሣሥ 1912 ነው ያወጣው። ዳይሬክተሩ ዲ. ደብሊው. ግሪፊዝ ነው። ልጅቷን ሞሊን ሆና የምትሠራው ሜሪ ፒክፎርድ ናት፤ ያኔ 20 ዓመቷ ነበር። ወጣቱን ፓስተር የሚሠራው ላዮኔል ባሪሞር ነው። ታሪኩን የጻፈችው አኒታ ሉስ ስትሆን 25 ዶላር ተከፍሏታል።

ታሪኩ እንዲህ ነው። አንዲት እናት ልትሞት ስትል ለፓስተሩ ትንሽ ገንዘብና አንድ ደብዳቤ ትተዋለች። ባሏ ቆንቋና ነው፤ ዕድሜዋን በሥራ ጨርሷታል። ከእሱ ደብቃ ያጠራቀመችው ገንዘብ ነው። ልጄ ተከልክላ የኖረችውን ጌጣጌጥ አልፎ አልፎ ግዛልኝ፣ ለማንም አትንገር ትላለች። ፓስተሩ ሞሊ በሱቅ መስኮት የምታየውን ባርኔጣ ይገዛላታል። መንደሩ ይንጫጫል። ቀሪውን ራሳችሁ ታዩታላችሁ፤ ከታች ግን ስለ መጨረሻው ስለማወራ ፊልሙን አይታችሁ ብትመለሱ ይሻላል።

ፊልሙን ኢንተርኔት አርካይቭ በተባለው ድረ ገጽ፣ በዩቲዩብም ታገኙታላችሁ። እነዚህ ፊልሞች አሜሪካ ውስጥ የቅጂ መብታቸው ያለፈ ነው። በነፃ ማውረድና ለጓደኛ ማካፈል ትችላላችሁ።

ደረጃ 2፦ ቅጂውንና ፍጥነቱን አስተካክሉ

ብዙ ሰው ድምፅ አልባ ፊልምን የሚጠላው በዚህ ምክንያት ነው። ሰዎቹ እየተጣደፉ፣ እንደ ዶሮ እየተንደፋደፉ ይሄዳሉ። ያኔ እንደዚያ አልነበረም። ካሜራው በእጅ እየተዘወረ በሴኮንድ ከ16 እስከ 18 ምስል ገደማ ያነሳ ነበር። በኋላ ድምፅ ሲመጣ 24 ምስል መደበኛ ሆነ። በ18 የተነሣው በ24 ሲታይ ሐዘን ቀልድ ይመስላል። ቀስ ብላ ዓይኗን የምታነሣ ልጅ ድንገት የደነገጠች ትመስላለች።

መፍትሔው ቀላል ነው። ያገኛችሁት ቅጂ የሚጣደፍ ከሆነ በዩቲዩብ የፍጥነት ማስተካከያ ውስጥ ገብታችሁ 0.75 አድርጉት። 18 ለ24 ሲካፈል ልክ 0.75 ነው። ሰዎቹ ሲራመዱ እግራቸው መሬት የሚረግጥ ከመሰላችሁ ትክክል ነው። ከዘገየ ወደ 1 መልሱት፤ አንዳንዱ ቅጂ አስቀድሞ ተስተካክሏል።

ከዚያ ሙዚቃውን አጥፉ። በዘመኑ ፊልም በዝምታ አይታይም ነበር፤ ብዙ ቦታ ፒያኖ የሚመታ ሰው ነበር። አሁን ኢንተርኔት ላይ የምትሰሙት ሙዚቃ ግን አብዛኛው በኋላ የተጨመረ ነው። መቼ ማዘን እንዳለባችሁ ሙዚቃው ቀድሞ ይነግራችኋል። ለጊዜው ይቅርባችሁ።

አንዳንድ ቅጂ ሰማያዊ ወይም ብርቱካናማ ቀለም ይኖረዋል። ሰማያዊው ብዙ ጊዜ ሌሊት ነው፣ ብርቱካናማው የመብራት ብርሃን ያለበት ቤት ነው።

ደረጃ 3፦ የመጀመሪያውን ጊዜ ሳታቋርጡ እዩ

አትጻፉ፣ አታቁሙ፣ ወደ ኋላ አትመልሱ። የማይገባ ነገር ቢኖርም እለፉት። ይህ ፊልም ሲሠራ ተመልካቹ በአንድ ጊዜ እንዲረዳው ታስቦ ነው።

ማን ነበር ተመልካቹ? ከ1905 ጀምሮ በአሜሪካ ከተሞች ኒኬልኦዲዮን የሚባሉ ትንንሽ ሲኒማ ቤቶች እንደ አሸን ፈሉ። መግቢያው 5 ሳንቲም ነበር፤ ስሙም የመጣው ኒኬል ከምትባለው የ5 ሳንቲም ሽራፊ ነው። ከሚገቡት ብዙዎቹ ከአውሮፓ የመጡ ስደተኞች ነበሩ። የፋብሪካ ሠራተኛ፣ የልብስ ሰፊ ልጅ፣ እንግሊዝኛ ገና ያልገባት እናት። ምስሉ ብቻውን መናገር ነበረበት። እናቴ ፊልሙን የተረዳችው ለዚህ ነው። በቋንቋ ለማትደርሰው ሰው ተብሎ የተሠራ ነገር ነው የገጠማት።

ይኸው አዲስ ነገር እኛ አገር ሲገባ አዲስ አበባ ውስጥ ሕዝቡ ሲኒማ ቤቱን «ሰይጣን ቤት» ብሎት ነበር። አሜሪካኖቹም ከዚያ የራቀ ስሜት አልነበራቸውም። ወደዚያ በኋላ እመለሳለሁ።

ደረጃ 4፦ ሁለተኛ ጊዜ ስታዩ አንድ ዕቃ ተከተሉ

ሰው አትከተሉ፤ ዕቃ ተከተሉ። ድምፅ ስለሌለ ፍቅርን የሚናገረው ዕቃ ነው። ደብዳቤ፣ ጓንት፣ አበባ፣ ባርኔጣ።

ወረቀታችሁ ላይ ዕቃው በማን እጅ እንደገባ በቅደም ተከተል ጻፉ። የኒውዮርኩ ባርኔጣ መጀመሪያ ሱቅ መስኮት ውስጥ ነው። ሞሊ ታየዋለች፣ አትነካውም። ከዚያ ፓስተሩ ይገዛዋል። ከዚያ በሣጥን ሆኖ ሞሊ ዘንድ ይደርሳል። ከዚያ ጭንቅላቷ ላይ ሆኖ ቤተ ክርስቲያን ይገባል። ከዚያ አባቷ እጅ ይገባል፣ ይበጣጠሳል።

አሁን እያንዳንዱ መሸጋገሪያ ላይ አንድ ጥያቄ ጠይቁ፦ እዚህ ጋ የትኛው ሕግ ተጣሰ? ሱቅ ውስጥ ያላገባ ወንድ የሴት ባርኔጣ ገዛ። ያ ብቻውን ወሬ ነው። ልጅቷ ከማን እንደመጣ የማይነገር ዕቃ አደረገች። ያ ደግሞ ሌላ ወሬ ነው። ቤተ ክርስቲያን ለብሳው ገባች፤ ስለዚህ ወሬው ሁሉም ሰው ፊት ቆመ።

ዋጋውን ልብ በሉ። ባርኔጣው 10 ዶላር ነው። ፊልሙን ለማየት የመጣችው ልጅ 5 ሳንቲም ከፍላ ገብታለች። በባርኔጣው ዋጋ 200 ጊዜ ሲኒማ ትገባለች። ታሪኩን የጻፈችው አኒታ ሉስ የተከፈላት የሁለት ባርኔጣ ተኩል ዋጋ ብቻ ነው። ስለዚህ ያ ባርኔጣ ተራ ስጦታ አልነበረም። ተመልካቿ ዋጋውን ስታይ ትንፋሿ ቀጥ ብሎ ይሆናል። ፓስተር ለአንዲት የደሃ ልጅ ይህን ያህል ካወጣ «በነፃ አይደለም» የሚለው የመንደሩ ግምት ከዚያ ነው የመጣው።

ደረጃ 5፦ ሦስተኛ ጊዜ፣ ተመልካቾቹን ተመልከቱ

የዚህ መመሪያ ልብ እዚህ ነው። ጊዜ ስጡት።

ወረቀቱን ሦስት ቦታ ክፈሉት። በመጀመሪያው ላይ «ማን አየ?» ብላችሁ ጻፉ። በሁለተኛው «ምን ያየ መሰለው?»፣ በሦስተኛው «ለማን ነገረ?»። ፊልሙን ቀስ እያላችሁ እዩ። ፍቅረኞቹ መሃል ላይ ሲሆኑ ዓይናችሁን ወደ ዳር፣ ወደ በሩ፣ ወደ ኋላ ውሰዱ። የግሪፊዝ ካሜራ በዚህ ጊዜ ብዙውን ጊዜ ሰውን ከነእግሩ ወይም እስከ ጉልበቱ ነው የሚያሳየው። ስለዚህ ዳር ላይ ለሚቆም ሰው ቦታ አለ።

የባርኔጣውን ታሪክ እንሙላው። ማን አየ? ሱቁ ውስጥ የነበሩ ወሬኛ ሴቶች። ምን ያየ መሰላቸው? ፓስተሩ ለድብቅ ፍቅረኛው ስጦታ ሲገዛ። ለማን ነገሩ? መጀመሪያ እርስ በርስ፣ ከዚያ ለቤተ ክርስቲያኑ ሽማግሌዎች። ወሬው ከሱቅ ወደ ቤተ ክርስቲያን፣ ከቤተ ክርስቲያን ወደ አባት ቤት ይሄዳል። ሞሊና ፓስተሩ በዚህ ሁሉ መሃል ስለ ፍቅር አንድም ነገር አልተባባሉም! የፍቅር ታሪኩን መጀመሪያ የፈጠረው መንደሩ ነው። እነሱ የገቡበት በኋላ ነው።

ይህን ሳይ ሁልጊዜ ሆዴ ይባባል። ልጅቷ የምትፈልገው ባርኔጣ ነበር። እናት የሌላት ልጅ ነች፤ መስታወት ፊት ቆማ አሮጌ ባርኔጣዋን ስታስተካክል የምታስበው እንደ ሰው መታየትን ነው። መንደሩ ግን የወጣት ሴት ምኞት ሁሉ ስለ ወንድ ነው ብሎ ያምናል። ወረቀታችሁ ላይ ሁለተኛው ዓምድ ውስጥ የሚሞላው ይህ እምነት ነው።

አሁን ተቃራኒውን እዩ። በዚያው ዓመት በጥቅምት ባዮግራፍ «ዘ ፔይንትድ ሌዲ» የተባለ ሌላ የግሪፊዝ ፊልም አውጥቷል፤ «የተቀባችው ሴት» እንበለው። ብላንች ስዊት ናት የምትሠራው፣ 16 ዓመቷ ነበር። ሁለት እህትማማቾች አሉ። ታናሽዋ ፊቷን ትቀባለች፣ ወንዶች ይከቧታል። ታላቅዋ አባቷ አይቀባም ስላለ አትቀባም። ግብዣ ላይ ብቻዋን ትቀመጣለች።

እዚህ ወረቀቱ ላይ «ማን አየ?» የሚለው ባዶ ይሆናል። ማንም አላያትም። ሕጉን አክብራ ነው ያልታየችው! በሞሊ ታሪክ ሕግ የጣሰች መስላ ታየች፣ በዚህኛው ሕግ ጠብቃ ተረሳች። ሁለቱን ፊልሞች አከታትላችሁ ካያችሁ የዚያ ዘመን ልጅ በየትኛውም በኩል መውጫ እንዳልነበራት በዓይናችሁ ታያላችሁ። ከዚያ አንድ የማታውቀው ሰው ያናግራታል። ሰውዬው የሚፈልገው የአባቷን ገንዘብ ነው። አንድ ሌሊት ፊቱን ሸፍኖ ሊሰርቅ ይገባል፣ እሷ ሳታውቅ ትተኩሳለች፣ ጭምብሉን ስታነሣ እሱ ነው። አእምሮዋ ይናጋል። ከዚያ በኋላ በተቀጣጠሩበት ቦታ እየሄደች ከሌለ ሰው ጋር ታወራለች። በመጨረሻ ፊቷን ትቀባለች። ለማን እንደምትቀባ እያሰባችሁ እዩት።

ደረጃ 6፦ ጽሑፉን ጮክ ብላችሁ በአማርኛ አንብቡ

ቤት ውስጥ እንግሊዝኛ የማያነብ ሰው ካለ ይህን አትዝለሉ። ሁሉም እንግሊዝኛ የሚያነብ ከሆነም አትዝለሉ፤ ምክንያቱን አሁን ታያላችሁ።

በምስሎቹ መሃል የሚመጡ የጽሑፍ ካርዶች አሉ። አስቀድማችሁ ብቻችሁን እዩና እያንዳንዱን ካርድ በአንድ አጭር ዓረፍተ ነገር ተርጉማችሁ ጻፉ። ሲታይ ካርዱ ስክሪን ላይ ሳለ አንብባችሁ ጨርሱ። ማብራሪያ አትጨምሩ። ደብዳቤ ሲመጣ ግን ፊልሙን አቁማችሁ ረጋ ብላችሁ አንብቡ። በጃፓን ይህ ሥራ ትልቅ ሙያ ነበር። ቤንሺ ይባላሉ፤ ከስክሪኑ አጠገብ ቆመው ታሪኩን ይተርኩ፣ ገጸ ባሕርያቱን ሆነው ይናገሩ ነበር። ተመልካች ፊልሙን ብቻ አይደለም፣ ቤንሺውንም ብሎ ይመጣ ነበር።

አሁን ወደ ምክንያቱ። በእንግሊዝኛው ሁሉም ሰው ሁሉንም ሰው «ዩ» በሚል አንድ ቃል ነው የሚጠራው። አማርኛ ግን አያስመልጣችሁም። ሞሊ ፓስተሩን «አንተ» ትበለው ወይስ «እርስዎ»? አባቷንስ? ሽማግሌዎቹ ፓስተሩን ሲያፋጥጡት ከ«እርስዎ» ወደ «አንተ» ይወርዳሉ? ወርደው ከሆነስ በየትኛው ካርድ ላይ? ይህን ስትወስኑ ፊልሙ ውስጥ ማን ከማን በላይ እንደሆነ እየወሰናችሁ ነው።

እኔ በሌላ ጊዜ ፊልሙን ደግመን ስናይ ለእናቴ ስተረጉምላት ሞሊን እስከ መጨረሻው «እርስዎ» ነው ያስባልኳት። ፓስተሩ ላግባሽ ሲላትም። ምክንያቱም በዚያች አጭር ጊዜ ውስጥ ወደ «አንተ» የሚያወርዳት መቀራረብ ፊልሙ ውስጥ አላየሁም። እናቴ ሰማችና «ታዲያ እርስዎ የምትለውን ነው የምታገባው?» አለች። ቀጥላ ደግሞ «እኛም እንደዚያ ነው ያገባነው» አለች። ከዚያ በኋላ ስለ ሠርጓ ረጅም ወሬ አወራን።

እናንተም በቤታችሁ ተወያዩበት። ሁለት ሰው የተለያየ ከመረጠ ሁለቱንም አንብቡና የቱ ከፊቱ ገጽታ ጋር እንደሚሄድ እዩ።

ደረጃ 7፦ ገላን ማንበብ

ትልልቅ የእጅ እንቅስቃሴዎች ታያላችሁ። እጅ ደረት ላይ፣ እጅ ግንባር ላይ። ከቲያትር መድረክ የመጣ ነው፤ ሩቅ ለተቀመጠ ሰው እንዲታይ። ልብ ብላችሁ ካያችሁ ግን በ1912 እና በ1913 ጎበዝ ተዋንያን ይህን እየተዉ ነበር። ትንሹን ነገር ፈልጉ። የቆመ ጣት፣ የተገታ እርምጃ፣ ለካሜራው የተሰጠ ጀርባ።

ለዚህ የሚሆነው ፊልም የ1913ቱ «ዘ ማዘሪንግ ሃርት» ነው፤ «የእናትነት ልብ»። ሁለት ሪል ስለሆነ ግማሽ ሰዓት ይጠጋል። ሊሊያን ጊሽ ስትሠራው 19 ዓመቷ ነበር። ባሏ ሥራ ሳይሳካለት ልብስ እያጠበች ትደግፈዋለች። ሰውዬው ያልፍለታል። ያለፈለት ሰው የሚሄድበት የምሽት ቤት ይወስዳታል። ዙሪያዋ ያሉት ሴቶች አጊጠዋል፣ እሷ ቀለል ያለ ልብስ ነው የለበሰችው። ባልየው ዓይኑ ሌላ ጠረጴዛ ላይ ያርፋል። በኋላ ኮቱ ውስጥ የሴት ጓንት ታገኛለች። በሉ፣ ደረጃ 4ን እዚህ ሞክሩት።

የምለምናችሁ ግን አንድ ትዕይንት ነው። ከባሏ ተለይታ እናቷ ቤት ትወልዳለች፣ ሕፃኑ ይሞታል። አታለቅስም። ፊቷ በድን ሆኖ ወደ አትክልት ቦታው ትወጣለች። ዱላ ታነሣና የጽጌረዳውን ቁጥቋጦ ትመታለች፣ ትመታለች፣ አበባው እስኪረግፍ። ማንም የሚያይ የለም። ፊልሙን ሙሉ ጥሩ ሚስት እንድትሆን፣ እንድትታገሥ ስትጠበቅ የኖረች ሴት ገላዋ ያንን ሁሉ ያወጣው የሚያይ ሰው በሌለበት ነው። ደረጃ 5ን ከተለማመዳችሁ በኋላ ይህን ስታዩ የባዶው አትክልት ትርጉም ይገባችኋል።

ደረጃ 8፦ ሕጉን ከዘመኑ ጋር አያይዙት

ጥቂት ነገር ማወቅ ይበቃል። ሴቶች በመላው አሜሪካ እንዲመርጡ ሕገ መንግሥቱ የተሻሻለው በ1920 ነው። ሴት ገና ሙሉ መብት ባልነበራት በዚያ ዘመን የሞሊ እናት በድብቅ ያጠራቀመችው ገንዘብና «ለማንም አትንገር» የሚለው ቃሏ የትርፍ ጥንቃቄ አልነበረም።

ሁለተኛው ነገር ሲኒማው ራሱ በ«ሰው ምን ይላል» ሥር መሆኑ ነው። ጨለማ ክፍል ውስጥ ወንድና ሴት ተቀላቅለው መቀመጣቸው ብዙ የሃይማኖት ሰዎችን አስቆጥቶ ነበር። ቺካጎ በ1907 ፊልም በፖሊስ እንዲመረመር ሕግ አወጣች። የኒውዮርክ ከንቲባ በ1908 የገና ዋዜማ የከተማዋን ሲኒማ ቤቶች በሙሉ ዘጋ። በ1909 ፊልሞችን አስቀድሞ የሚያይ ቦርድ ኒውዮርክ ውስጥ ተቋቋመ። ኩባንያዎቹ ጨዋ መስለው መታየት ነበረባቸው። ብዙው የፍቅር ፊልም በጋብቻ ወይም በዕርቅ የሚያልቀው፣ ያጠፋችው ሴት የምትቀጣው፣ ከዚህ ግፊት ውስጥ ነው። «ሰይጣን ቤት» የሚለውን ስም እዚያም ያሉ ሰዎች ቢሰሙት በመስማማት ራሳቸውን ይነቀንቁ ነበር።

ማን እንደሌለም እዩ። በእነዚህ ፊልሞች ውስጥ ፍቅር እንዲይዘው የተፈቀደለት ነጭ ሰው ብቻ ነው። ግሪፊዝ በ1915 ኩ ክሉክስ ክላን የተባለውን፣ ጥቁሮችን ያሸብር የነበረውን የነጮች ድርጅት ያወደሰ ረጅም ፊልም ሠርቷል። ይህን አውቃችሁ እዩት። እኔ ፊልሞቹን እወዳቸዋለሁ፣ ይህንንም አልረሳም።

ደረጃ 9፦ መጨረሻውን አትቀበሉት፣ ጠይቁት

ወደ ባርኔጣው እንመለስ። ሽማግሌዎቹ ፓስተሩን ያፋጥጡታል። እሱ የሟቿን ደብዳቤ አውጥቶ ያሳያል። ወሬኞቹ ያፍራሉ፣ አባትየው ይሰበራል። እዚህ ላይ ቢያልቅ የእናትና የልጅ ታሪክ ነበር። ግን ፓስተሩ ወዲያው ላግባሽ ይላል።

ሦስት ጥያቄ ጻፉ። ወሬው ባይኖር ይጠይቃት ነበር? እሷ እምቢ ብትል መንደሩ ምን ይላት ነበር? አባቷ ፊት ባይቆም መልሷ ያው ይሆን ነበር? እያንዳንዱን ስትመልሱ ከፊልሙ አንድ ምስል ጥቀሱ፤ «ይመስለኛል» ብቻ አይበቃም።

የእኔ መልስ? ፓስተሩ ደግ ሰው ነው። ባሪሞር ፊቱ ላይ ያለው ርኅራኄ እውነተኛ ነው። ግን ጋብቻው ለመንደሩ የተሰጠ መልስ ነው ብዬ አምናለሁ። መንደሩ ፍቅር አለ ብሎ ወነጀላቸው፣ እነሱም ክሱን እውነት በማድረግ ንጹሕ ሆኑ። አንዲት ጓደኛዬ በዚህ አትስማማም። ሞሊ ስትመልስ ፊቷን እይ ትለኛለች። እናንተም ያንን ፊት ደጋግማችሁ እዩት፤ በ0.5 ፍጥነት ብታዩት ይበልጥ ይታያል።

ደረጃ 10፦ ከአገር ውጭ የምትኖሩ ከሆነ ይህን ጨምሩ

አሊስ ጊ ብላሼ ፈረንሳዊት ናት። ፓሪስ ውስጥ ጎሞን የተባለ ኩባንያ በጸሐፊነት ገብታ ፊልም ሠሪ ሆነች። በኋላ አሜሪካ መጥታ ሶላክስ የተባለ የራሷን ኩባንያ አቋቋመች፣ በ1912ም ፎርት ሊ፣ ኒው ጀርሲ ስቱዲዮ ሠራች። በዚያው ዓመት ያወጣችው «ሜኪንግ አን አሜሪካን ሲቲዝን» ስለ ሩሲያውያን ባልና ሚስት ነው። አገራቸው ሳሉ ሚስትየዋ ከአህያ ጎን ሆና ጋሪ ትጎትታለች። ኒውዮርክ ሲደርሱ ባልየው ዕቃውን ሁሉ ሊያሸክማት ይሞክራል። አንድ የማያውቁት አሜሪካዊ ጣልቃ ይገባል። ከዚያ ሌላ፣ ከዚያ ሌላ፤ እስከ ፍርድ ቤት።

በዚህኛው ሦስተኛው ዓይን አዲሱ አገር ነው። የመንደሩ ወሬኛ ሞሊን ሊያጠፋት ነበር፣ እዚህ ያለው መንገደኛ ሚስቲቱን ያድናታል። ግን አዲሱ አገር ሲያስተምር አሮጌውን አገር እንዴት አድርጎ እንደሚያሳየው ተጠንቀቁ። ዋሽንግተንም ሆነ ስቶክሆልም የምትኖሩ ሰዎች ይህን ስታዩ የምታውቁት ስሜት ይመጣባችኋል፤ ጎረቤት ፖሊስ ሲጠራ፣ ልጅ ከትምህርት ቤት መጥቶ አባቱን ሲያርም።

ከባለቤታችሁ ጋር ሆናችሁ እዩት። አንዳችሁ ስንት ሰው ጣልቃ እንደገባ ቁጠሩ። ሌላኛችሁ ሚስትየዋ ራሷ ለራሷ ያደረገችውን ነገር ቁጠሩ። ሲያልቅ ወረቀቶቹን አጠገብ ለአጠገብ አስቀምጧቸው።